መሬታችሁን ለመቆፈር «ፈቃድ አለን» ብለው ሲመጡ

ጠዋት በር ይንኳኳል። ስትከፍቱ አንድ ሰው ማህተም ያለበት ወረቀት ይዞ ቆሟል፤ ከኋላው ኤክስካቫተር። «ፈቃድ አለን» ይላችኋል። አንዳንዱ ማህተሙን ሲያይ ነገሩ ያበቃለት ይመስለውና ዝም ይላል። ሌላው ደሙ ይፈላና ማሽኑ ፊት ይገተራል። ሁለቱም አያዋጣም።

የቁፋሮ ፈቃድ ብዙ ጊዜ የሚለው «ይህን ሥራ ብትሠራ መንግሥት አይከለክልህም» ነው። የሰው ይዞታ ውስጥ መግባት ሌላ መብት ነው። በእንግሊዝ የታየ አንድ ክርክር አለ። እዚያ አገር ከመሬት በታች ያለ ነዳጅ ከ1934 ጀምሮ የዘውዱ፣ ማለትም የመንግሥት ነው። አንድ ኩባንያ የመንግሥት ፈቃድ ይዞ ከጎረቤት መሬት ላይ በሰያፍ እየቆፈረ በነጋዴው ሞሐመድ አል-ፋይድ ርስት ሥር ቧንቧ አሳለፈ። ላይ ላዩን አንድ ሣር አልነካም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ግን በ2010 ያለ ባለመሬቱ ፈቃድ መግባት ነው ብሎ ወሰነ። ካሳውስ? መጀመሪያ ከ600 ሺህ ፓውንድ በላይ ተፈርዶ የነበረው በይግባኝ ወደ 1 ሺህ ፓውንድ ወረደ፤ እዚያው ጸና። በመብት ማሸነፍና በገንዘብ ማሸነፍ ለየቅል ናቸው። በ2015 ደግሞ ከመሬት 300 ሜትር በታች ላለ የነዳጅና የጂኦተርማል (የከርሰ ምድር ሙቀት) ሥራ የባለመሬት ፈቃድ እንዳይጠየቅ ሕግ ወጣ። ስለዚህ የአገራችሁን ሕግ ሳታዩ ሂሳብ አትሥሩ።

1. ወረቀቱን አንብቡት፣ ፎቶ አንሱት

ማን ሰጠው? ለማን? እስከ መቼ? የፍለጋ ነው የማምረት? የፍለጋ ፈቃድ ይዞ ድንጋይ ጭኖ የሚሄድ ሰው ከፈቃዱ ወጥቷል። ከዚያ ቦታውን የሚያመለክቱትን ቁጥሮች ፈልጉ። ስድስትና ሰባት አሃዝ ያላቸው ረጃጅም ቁጥሮች ከሆኑ የስልካችሁ ካርታ ላይገባቸው ይችላል፤ ቀያሽ ያውጣላችሁ። ለጎረቤት መሬት የወጣ ፈቃድ ሆኖ ቢገኝ አይግረማችሁ።

«ፈርሙልን» ካሏችሁ «ደርሶኛል» ብቻ ጻፉ። «ተስማምቻለሁ» የሚል ነገር ካለበት እጃችሁን ሰብስቡ።

2. የራሳችሁን ሰነድ አውጡ

በብዙ አገር ማዕድኑ የመንግሥት ነው፣ የላዩ መሬት የባለይዞታው። አንዳንድ ቦታ የቀድሞው ባለቤት መሬቱን ሸጦ የከርሰ ምድሩን መብት ለራሱ አስቀርቶ ሊሆን ይችላል። ለመስመር ወይም ለመንገድ የተሰጠ የቆየ ውልም ይኖር ይሆናል። ይህን ጠበቃ ዘንድ ከመሄዳችሁ በፊት እወቁት።

3. አካፋ ሳያርፍ ማስረጃ ያዙ

በኔ እምነት ትልቁ ሥራ ይህ ነው። ግድግዳው ላይ ስንጥቅ ካለ ጫፉ ላይ በእርሳስ አጭር መስመር አስምሩ፣ ቀኑን ጻፉ፣ ማስመሪያ አስጠግታችሁ ፎቶ አንሱ። ከወር በኋላ ስንጥቁ መስመሩን አልፎ ከሄደ ክርክሩ ቀላል ይሆናል። የውሃ ጉድጓድ ካላችሁ ገመድ ላይ ድንጋይ አስራችሁ ውሃው ድረስ አውርዱና እስከ ውሃው ያለውን ርቀት ለኩ። ለጥቂት ቀናት በተመሳሳይ ሰዓት ድገሙት። ውሃው ከቁፋሮው በኋላ ቢሸሽ «ድሮም እንዲህ ነበር» የሚላችሁ አይጠፋም።

4. ለሰጠው መሥሪያ ቤት በጽሑፍ አቤት በሉ

በቃል አትጨቃጨቁ። ሁለት ኮፒ አዘጋጁ፤ አንዱን ስጡ፣ ሌላው ላይ የገቢ ማህተምና ቀን አስመቱ። ጥሩ መከራከሪያዎቹ እነዚህ ናቸው፦ ማስታወቂያ አልደረሰኝም፣ ካርታው ስህተት ነው፣ ጊዜው አልፏል፣ ሕጉ የሚጠይቀው የአካባቢ ጥናት አልተሠራም። «አልወደድኩትም» መከራከሪያ አይደለም።

ቀኑን ቁጠሩ። ለምሳሌ እንግሊዝ ውስጥ የባለሥልጣን ውሳኔ ፍርድ ቤት እንዲመረመር የሚጠየቀው ቢዘገይ በ3 ወር ውስጥ ነው፤ የግንባታ ፕላን ነክ ከሆነ በ6 ሳምንት። ማሽኑ እስኪመጣ የጠበቀ ሰው ጊዜው ሊያልፍበት ይችላል።

5. ፍርድ ቤት ከሆነ ክሱን ለዩ

ፈቃዱ ይሰረዝ የሚለው በመሥሪያ ቤቱ ላይ ነው። ከይዞታዬ ይውጣ፣ ጉዳቴን ይክፈል የሚለው በቆፋሪው ላይ። የእግድ ጥያቄ ቀድማችሁ አቅርቡ፤ ጉድጓዱ ከተቆፈረ በኋላ የሚታገድ ነገር አይኖርም። ዳኛው በገንዘብ የማይተካ ጉዳት እንዳለ እንድታሳዩ ይጠይቃል፤ ዋስትና አስይዙ ሊልም ይችላል።

6. ከተስማማችሁም ዝርዝሩን ጻፉት

የላዩ ለም አፈር ለብቻ ተከምሮ በመጨረሻ ከላይ ይመለስ። መኪና የሚገባበት መንገድ፣ ሰዓቱ፣ አጥሩን የሚጠግነው ሰው በስም ይጻፍ። የተሞላ ጉድጓድ ደግሞ ዝናብ ሲመታው ይሰምጣል። የመጀመሪያው ክረምት አልፎ መሬቱ እስኪታይ ድረስ ቆፋሪዎቹ በመያዣነት ያስያዙት ገንዘብ አይለቀቅ።