ህንድና ፓኪስታን በኒውክሌር ሲዛዛቱ ዜናውን እንዴት እናንብበው

ሁለቱ በተጋጩ ቁጥር "ኒውክሌር ሊተኮስ ነው" የሚል ዜና ስልካችንን ይሞላዋል፣ አብዛኛው ማስፈራሪያ ነው ግን ሁሉም ማስፈራሪያ አይደለም። ለመለየት መጀመሪያ ማን ምን ብሎ ቃል እንደገባ ያዙ።

ህንድ እ.ኤ.አ በ2003 ይፋ ባደረገችው ዶክትሪን (የኒውክሌር አጠቃቀም መመሪያ) ቀድሜ አልጠቀምም፣ ከተመታሁ ግን አጸፋው እጅግ ከባድ ይሆናል ብላለች። ብዙ ሰው የሚዘላት መስመር ግን አለች፣ በባዮሎጂካል ወይም በኬሚካል መሳሪያ ከባድ ጥቃት ከደረሰብኝ በኒውክሌር ልመልስ እችላለሁ ትላለች፣ ስለዚህ "ህንድ በፍፁም አትጀምርም" የሚል ነገር ስታዩ ሙሉ አድርጋችሁ አትውሰዱት። በ2019 ደግሞ የዛኔው መከላከያ ሚኒስትር ራጅናት ሲንግ እዛው ቦምቡ በተሞከረበት ፖክራን ሄዶ ወደፊት እንደሁኔታው ነው ብሎ ነበር፣ ዶክትሪኑ ግን አልተቀየረም።

ፓኪስታን እንዲህ ያለ ቃል የላትም፣ ሆን ብላ ነው። የህንድ ጦር በቁጥር ስለሚበልጣት መቼ እንደምትተኩስ እንዳይታወቅ ትፈልጋለች። ቢሆንም የኒውክሌሩን ክፍል ለዓመታት የመሩት ጄኔራል ካሊድ ኪድዋይ በ2002 አካባቢ አራት ነገር ጠቁመዋል፦ ሰፊ መሬት ከተያዘብን፣ የምድር ወይ የአየር ኃይላችን ትልቅ ክፍል ከወደመ፣ ኢኮኖሚያችን ከታነቀ፣ አገራችን ከውስጥ እንድትናጋ ከተደረገ። እነዚህን አራቱን ጭንቅላታችሁ ውስጥ አስቀምጡና ዜናውን በነሱ አጣሩት። ለምሳሌ በኤፕሪል 2025 ህንድ የኢንደስ ወንዝ ውሃ ስምምነትን አግጃለሁ ስትል ፓኪስታን ውሃውን ማስቀየር እንደ ጦርነት ድርጊት ይቆጠራል አለች፣ ብዙ ሰው ተጋነነ አለ እንጂ ሦስተኛውን ነጥብ ለሚያውቅ ሰው ዝም ብሎ ፉከራ አይደለም።

ቀጥሎ ማን እንደተናገረ ሳይሆን ማን እንደተሰበሰበ እዩ። አንድ ሚኒስትር ቲቪ ላይ ወጥቶ ቢዝት ያው ፖለቲካ ነው፣ የፓኪስታን ውሳኔ የሚሰጠው ጠቅላይ ሚኒስትሩ በሚመሩት ብሔራዊ የዕዝ ባለሥልጣን በሚባለው አካል ነው (ወረቀት ላይ ነው እሱም፣ የዕለት ተዕለቱን ስራ የያዘው ጦሩ ነው)። ሜይ 10 ቀን 2025 ሁለቱ እየተጋጩ ሳለ ይሄ አካል ሊሰበሰብ ነው ተባለና ዓለም ደነገጠ፣ ብዙም ሳይቆይ መከላከያ ሚኒስትሩ ኸዋጃ አሲፍ ስብሰባም አልተደረገም የተያዘ ቀጠሮም የለም አሉ፣ በዛው ቀን ተኩስ አቁም ታወጀ። በኔ እይታ ያቺ ወሬ ከዴልሂ ይልቅ ዋሽንግተን እንድትሰማት የተለቀቀች ናት።

ሚሳኤል ተሞከረ ሲባል ርቀቱን ፈልጉ፣ ማን ላይ እንደተነጣጠረ የሚነግራችሁ እሱ ነው። የህንድ አግኒ 5 ከ5000 ኪሎሜትር በላይ ይሄዳል፣ ለፓኪስታን ይሄ ሁሉ ርቀት ምን ያደርጋል፣ ቻይናን አስበው ነው የሰሩት። የፓኪስታኑ ናስር ግን 60 ኪሎሜትር ገደማ ነው፣ ድንበር ጥሶ የገባን የህንድ ታንክ ለማስቆም ታስቦ የተሰራ፣ እኔን ከሁሉም የሚያስፈራኝ ይሄ ትንሹ ነው። ምክንያቱም ህንድ ወታደሮቼ የትም ቦታ በኒውክሌር ከተመቱ ምላሼ ያው ከባዱ ነው ብላለች፣ አንዱ ትንሽ ናት ብሎ የሚተኩሳትን ሌላው ትንሽ ብሎ አይቆጥራትም ማለት ነው።

"በድንገት ሚሳኤል ሞከረች" የሚለውንም ቶሎ አትመኑ፣ በ2005 ስምምነት መሰረት ባሊስቲክ ሚሳኤል (ወደ ላይ ተወንጭፎ የሚወርደውን) ከመሞከራቸው በፊት ይነጋገራሉ። ክሩዝ ሚሳኤል (እንደ አውሮፕላን ዝቅ ብሎ የሚበረው) ግን እዛ ውስጥ የለም፣ በማርች 2022 ከህንድ አምልጦ ፓኪስታን ሚያን ቻኑ የወደቀው ደግሞ ክሩዝ ነው፣ ደግነቱ አረር (ጫፉ ላይ የሚገጠም ፈንጂ) አልነበረውም።

የኒውክሌር አረር ቁጥር ላይ ብዙ አትጨነቁ፣ በ2025 የሲፕሪ (የስቶክሆልም የሰላም ምርምር ተቋም) ግምት ህንድ 180 ፓኪስታን 170 ናቸው፣ አስር በመጨመሩ የሚለወጥ ነገር የለም። ይልቅ ጃንዋሪ 1ን ተከታተሉ። አንዱ የሌላውን የኒውክሌር ጣቢያ እንዳይመታ በ1988 በተፈራረሙት ውል መሰረት ከ1992 ጀምሮ በየዓመቱ በዚች ቀን የጣቢያዎቻቸውን ዝርዝር ይለዋወጣሉ፣ በ2019 ህንድ ፓኪስታን ውስጥ ባላኮትን በአየር ደብድባ ከተጋጩ በኋላ እንኳን አላቋረጡም። አንድ ዓመት ዝርዝሩን ሳይለዋወጡ ካለፉ ያን ዜና ስክሮል አድርጋችሁ አትለፉት።