ስለ ሞሮኮ ስደተኞች ፊልም ከመጻፋችሁ በፊት እነዚህን ስህተቶች ተዉ

ብራስልስ ውስጥ ትንሽ የፊልም ምሽት አለን። በየወሩ የመጨረሻ ቅዳሜ አሥራ አምስት፣ ሃያ ሆነን እንሰበሰባለን። ፊልም እናያለን፣ ቡና ይፈላል፣ ከዚያ ክርክር ነው። ወጣቶቹ ስላዩት ፊልም በአማርኛ ጽፈው ይልኩልኛል፣ እኔ አርማለሁ። ባለፈው ዓመት የሞሮኮ ስደተኞችን ሕይወት የሚያሳዩ ፊልሞችን ተራ በተራ ስናይ ከረምን። ጎረቤቶቻችን ናቸዋ። ልጆቻችን አንድ ክፍል ይማራሉ፣ ድንብላልና ጥቁር አዝሙድ የምንገዛው ከነሱ ሱቅ ነው። ጽሑፎቹ መጡ። አንዳንዱ ጥሩ ነው። ግን ያንኑ ስህተት ለሃያኛ ጊዜ ሳነብ፣ በቃ አንዴ ጽፌው ልገላገል አልኩ። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የጻፍኩት።)

ሁሉንም «ዐረብ» ማለት

ይሄን ስህተት ቀድሜ የሠራሁት እኔ ስለሆንኩ ማንም ላይ አልጮህም። ምሽቱን በጀመርንበት ሰሞን አንዱን ፊልም ሳስተዋውቅ «ዛሬ የምናየው ስለ አንድ ዐረብ ቤተሰብ ነው» አልኩ። ከላይኛው ፎቅ የሚኖሩትን ሽማግሌ ጎረቤቴን፣ ሁላችንም ሐጂ የምንላቸውን፣ ጋብዤያቸው ፊት ወንበር ላይ ተቀምጠዋል። አጠገባቸው ያለው ልጅ ተረጎመላቸው። እጃቸውን አወጡ። «ልጄ፣ እኔ ዐረብ አይደለሁም። የሪፍ ሰው ነኝ።» ቤቱ ጸጥ አለ። ጆሮዬ ድረስ ጋለኝ። እሳቸው ሳቅ ብለው ሻይ ጠየቁ። እኔ ግን እስከ ዛሬ አልረሳሁትም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ፈረንሳይና ጀርመን ከሞሮኮ ጋር የሠራተኛ ስምምነት የተፈራረሙት በ1963 ነው። ቤልጂየም በ1964፣ ኔዘርላንድስ በ1969 ተከተሉ። ወደ ቤልጂየምና ኔዘርላንድስ ከመጡት ብዙዎቹ የሰሜኑ የሪፍ ተራራ ሰዎች ናቸው። ቤታቸው ውስጥ የሚነገረው ታሪፊት ነው፣ የአማዚግ ቋንቋ። (አማዚግ የሚባሉት ፈረንጅ «በርበር» የሚላቸው፣ ከዐረቦቹ በፊት የነበሩ የሰሜን አፍሪካ ሰዎች ናቸው።) ሪፍን ደግሞ የያዘችው ስፔን ስለነበረች አብዛኞቹ አባቶች ብራስልስ ሲገቡ ፈረንሳይኛ እንኳ አያውቁም ነበር። ወደ ሰሜን ፈረንሳይ የድንጋይ ከሰል ጉድጓድ የተወሰዱት በብዛት ከደቡቡ፣ ከሱስ አካባቢ ናቸው። እነሱ ታሽልሒት የሚባል ሌላ የአማዚግ ቋንቋ ነው የሚናገሩት። ሲመለመሉ ደረታቸው ላይ ማኅተም ይመታባቸው ነበር፤ አረንጓዴ ከሆነ አልፈሃል፣ ቀይ ከሆነ ወደ ቤትህ። አማዚግኛ በሞሮኮ ሕገ መንግሥት ከዐረብኛ ጎን የመንግሥት ቋንቋ የሆነው ገና በ2011 ነው።

ስለዚህ «ሞሮኳዊ» ብላችሁ ጻፉ። ካወቃችሁ ሪፍ ነው፣ ሱስ ነው በሉ። ካላወቃችሁ ፊልሙን መልሳችሁ ስሙት።

ሞሮኮንና አልጄሪያን ማምታታት

አልጄሪያን ፈረንሳይ ከ1830 ጀምራ ይዛ በ1962 በደም አፋሳሽ ጦርነት ነው የለቀቀቻት። ሞሮኮ ከ1912 እስከ 1956 «ጥበቃ» በሚል ስም ስትገዛ የሱልጣኑ ዙፋን ግን አልፈረሰም። የሁለቱ ልጆች ፓሪስ ውስጥ አንድ ፎቅ ላይ ይኑሩ እንጂ አባቶቻቸው የሚያነሱት ቂም አንድ አይደለም። ቤልጂየምና ኔዘርላንድስ ደግሞ ሞሮኮን ጭራሽ ገዝተዋት አያውቁም። ስለ አምስተርዳም ልጆች የተሠራ ኮሜዲ አይታችሁ «የቀድሞው ቅኝ ገዢ ቁስል» ብላችሁ ስትጽፉ፣ የማን ቅኝ ገዢ?

ሰብታይትል አንብቦ ፊልም አየሁ ማለት

አሁን ወደሚያንገበግበኝ ልምጣ።

የኢስማኤል ፈሩኪን «ታላቁ ጉዞ» አሳየኋቸው፣ የ2004 ፊልም ነው። ደቡብ ፈረንሳይ የሚኖር ሞሮኳዊ አባት ሐጅ ሊሄድ ነው፣ ግን በአውሮፕላን አልሄድም አለ። ትንሹ ልጁ ሬዳ፣ የመልቀቂያ ፈተናው ደርሶበት እያለ፣ በአሮጌ መኪና እስከ መካ ሊነዳው ግድ ሆነበት። ጣልያን፣ ባልካን፣ ቱርክ፣ ሶርያ እያለ ይሄዳል። አንዱ ጎበዝ ልጃችን ሦስት ገጽ ጻፈልኝ። «አባትና ልጅ በትውልድ ክፍተት ምክንያት አይግባቡም።» ደወልኩለት። በምን ቋንቋ ነው የሚጣሉት? አልኩት። ዝም። «እ... አላስተዋልኩም።»

ፊልሙ እኮ እሱ ነው! አባትየው በሞሮኮ ዐረብኛ በዳሪጃ ይናገራል፣ ልጅየው በፈረንሳይኛ ይመልሳል። ሁለቱም ይሰማማሉ፣ ግን አንዱ ወደ ሌላው ቋንቋ እምብዛም አይሻገርም። በሺዎች ኪሎ ሜትር መንገድ ላይ አንድ መኪና ውስጥ ታጉረው እያንዳንዳቸው በየራሳቸው አገር ተቀምጠዋል። ዳይሬክተሩ ይሄን የሚነግረን በንግግር አይደለም፣ በጆሮ ነው። ሰብታይትሉ ግን ሁለቱንም ቋንቋ አንድ ዓይነት ነጭ ፊደል አድርጎ ከሥር ይደረድረዋል፣ የእኛም ሰው ነጩን ፊደል ለቅሞ «የትውልድ ክፍተት» ብሎ ይዘጋዋል። የሚገርመው ልጁ ስልኩን ሳይዘጋው እናቱ ከኩሽና በአማርኛ ጠራችው። በፈረንሳይኛ መለሰላት። ሰማኸው? አልኩት። መሳቅ ጀመረ።

«ፋጢማ»ም እንደዚሁ ነው፣ በ2016 በፈረንሳይ የዓመቱ ምርጥ ፊልም ተብሎ ሴዛር የወሰደው። ሁለት ሴት ልጆቿን በጽዳት ሥራ የምታሳድግ እናት ናት። በዐረብኛ ትናገራለች፣ ልጆቿ በፈረንሳይኛ ይመልሱላታል። ታላቂቱ ሕክምና ልትማር ነው፣ ታናሺቱ በእናቷ ታፍራለች። እናትየዋ ከደረጃ ወድቃ ቤት ስትውል ለልጆቿ በአፏ ልትነግራቸው ያልቻለችውን በዐረብኛ ደብተር ላይ መጻፍ ትጀምራለች። ፊልሙ የተነሣው ፋጢማ አል-አዩቢ የምትባል፣ ከሞሮኮ መጥታ በጽዳት ሥራ የኖረች ሴት ከጻፈችው መጽሐፍ ነው። አንዷ ተሳታፊያችን ስለዚህ ፊልም ስትጽፍ «ፋጢማ ያልተማረች ሴት ናት» ብላ ጀመረች። ኧረ በስመ አብ! ደብተሯ ላይ ስትጽፍ እያየናት? ፈረንሳይኛ አለማወቅ አለመማር የሆነው ከመቼ ወዲህ ነው? አዲስ አበባ ላይ አስተማሪ ሆና እዚህ ቢሮ የምትጠርግ ስንት እናት እያወቅን እንዲህ ስንጽፍ ያሳፍራል። በዚህች ነገር ተቆጥቻለሁ፣ ይቅርታም አልጠይቅም።

ምን አድርጉ መሰላችሁ? ፊልሙን አንዴ ከጨረሳችሁ በኋላ አምስት ደቂቃ ያህል ሰብታይትሉን አጥፉት። ማን በምን ቋንቋ ጀመረ? ማን በየትኛው መለሰ? ስድብ በየትኛው፣ ጸሎት በየትኛው፣ ከሥራ አለቃ ጋር በየትኛው? ወረቀት ላይ አስፍሩት። «ቋንቋው አይገባንም» ትሉኛላችሁ። ቃሉ አይግባችሁ። ቅያሪው ግን ይሰማል።

«በሁለት ዓለም መካከል የተሰነጠቀ»

ይሄን ሐረግ እሰርዘዋለሁ። ሁልጊዜ። ቢያለቅሱም እሰርዘዋለሁ።

የናቢል ቤን ያዲርን «ባሮኖቹ» እዩ፣ 2009፣ እዚሁ ብራስልስ። ሞለንቤክ የሚባለው ሰፈር ሥራ ፈቶች ናቸው። የሰው ልጅ ሲወለድ የተቆጠረ እርምጃ ይሰጠዋል፣ ያለቀ ቀን ይሞታል ብለው ያምናሉ፤ ስለዚህ እርምጃ ይቆጥባሉ። በቃ አይንቀሳቀሱም! ሐሰን ግን መድረክ ላይ ወጥቶ ሰው ማሳቅ ነው የሚፈልገው። አባትየው አውቶቡስ ነጂነትን ነው የሚመኝለት። እዚህ ውስጥ የተሰነጠቀው የቱ ነው? ይሄ ልጅ ችግሩ ሞሮኮና ቤልጂየም አይደሉም። ችግሩ አባቱ ነው፣ ስንፍናው ነው፣ የጓደኛው እህት ናት። እኛ ሰፈር ያለ ማንኛውም ልጅ ነው።

ኔዘርላንዳዊው ተዋናይ ናስርዲን ድቻር በ2011 «ራባት» ለሚለው ፊልም የአገሩን የፊልም ሽልማት፣ የወርቅ ጥጃን ሲቀበል መድረክ ላይ ያለውን ደግሞ አስቡ። ደች ነኝ፣ በሞሮኮ ደሜ እኮራለሁ፣ ሙስሊም ነኝ፣ ሽልማቱም ይኸው እጄ ላይ ነው፣ የሚል መልእክት ነበር። ሁሉንም በአንድ ትንፋሽ። «መካከል» የሚል ቃል አላስገባም።

የተዋናይ ደም መቁጠር

«ገጸ ባሕርዩን ስለኖረበት ነው እንዲህ የተጫወተው» ብላችሁ ከመጻፋችሁ በፊት አጣሩ። «ቮልፍ» በሚለው የ2013 ፊልም የሞሮኮ ዝርያ ያለውን ኪክቦክሰኛ የተጫወተው ማርዋን ኬንዛሪ ወላጆቹ ከቱኒዝያ ናቸው። ፋጢማን የሆነችው ሶሪያ ዘሩዋል አልጄሪያዊት ናት። የጽዳት ሠራተኛነቱን ግን እውነትም ኖራዋለች።

ፊልሙን የፖሊስ ሪፖርት ማድረግ

የአዲል ኤል አርቢና የቢላል ፋላህ «ብላክ» በ2015 ሲወጣ ወቅቱ የፓሪሱ ጥቃት የደረሰበት ነበር፣ ከወራት በኋላ ደግሞ የብራስልሱ ተከተለ። ከጥቃት አድራሾቹ አንዳንዶቹ የሞለንቤክ ልጆች ስለነበሩ የዓለም ጋዜጠኛ ሁሉ ሞለንቤክ ላይ ካሜራ ደገነ። ፊልሙ ግን ስለ ወሮበላ ቡድኖችና ስለ ሁለት የሚዋደዱ ልጆች ነው፣ ከልብ ወለድ የተወሰደ። አንዱ ቡድን 1080 ይባላል፣ የሞለንቤክ የፖስታ ቁጥር ነው። ከጽሑፎቹ አራቱ «የሞለንቤክን እውነታ ያጋለጠ» ይላሉ። ጓዶች፣ ሞለንቤክ እኮ በሜትሮ አሥር ደቂቃ ነው! እሑድ ሄዳችሁ ትኩስ ዳቦ ገዝታችሁ ተመለሱና ከዚያ ጻፉ።

ሞሮኮ ስትባል ሙስሊሙን ብቻ ማሰብ

ይሄን ሁሉም ይረሳዋል። እስራኤል ያላችሁ አንባቢዎች ግን አትረሱትም፣ ጎረቤቶቻችሁ ናቸው። ቂርያት ጋት የምትኖር የአክስቴ ልጅ ፋሲካቸው ባለቀ ማግስት ሚሙና ሲያከብሩ እየጠሯት በማርና በቅቤ የሚበላውን ሙፍሌታ ለምዳዋለች። ከሞሮኮ የሄዱት አይሁዶች በመቶ ሺዎች ይቆጠራሉ። ብዙዎቹ መጀመሪያ የገቡት መጠለያ ጣቢያና ገና በመሠራት ላይ ያሉ የዳር አገር ከተሞች ነው። በ1959 ሃይፋ ውስጥ ዋዲ ሳሊብ ላይ ያመጹት፣ በ1971 ኢየሩሳሌም ላይ «ጥቁር ፓንተሮች» ብለው የተነሡት በብዛት እነሱና ልጆቻቸው ናቸው።

ከሞሮኮ አይሁድ ቤተሰብ የተወለደችው እስራኤላዊት ሮኒት ኤልካቤዝ ከወንድሟ ከሽሎሚ ጋር ስለ ቪቪያን አምሳለም ሦስት ፊልም ሠርታለች። የመጨረሻው የ2014ቱ «ጌት» ነው፣ በአይሁድ ሕግ የፍቺ ወረቀት ማለት ነው። ባሏ ፍቺ አልሰጥም ያላት ሴት የሃይማኖት ፍርድ ቤት ስትመላለስ ዓመታት ያልፋሉ። ካሜራው ከፍርድ ቤቱ አይወጣም። ችሎቱ በዕብራይስጥ ነው፤ ባልና ሚስት ግን ሲብስባቸው ወደ ፈረንሳይኛና ወደ ሞሮኮ ዐረብኛ ይንሸራተታሉ። (ሰብታይትል ያልኩትን አስታውሱ።) ባልየውን የሚጫወተው ስምዖን አብካሪያን ደግሞ አርመናዊ ነው። ደም ቆጣሪዎች እዚህም ላይ ትወድቃላችሁ።

የቀሩትን መርሳት

ስደትን ስትጽፉ የሄደውን ብቻ አትከተሉ። «አዲዮስ ካርመን»ን እዩ፣ በታሪፊት ነው የሚነገረው፣ ዘመኑ 1975። እናቱ ቤልጂየም ሄዳ ከአጎቱ ጋር የቀረ የሪፍ ልጅ ነው፣ ጎረቤቱ ስፔናዊት ሲኒማ ታስገባዋለች። በክረምት መኪና ጭነው የሚገቡትን ዘመዶች አገር ቤት ያለው ሰው «ዝማግሪያ» ይላቸዋል፣ «ስደተኞች» ከሚለው የፈረንሳይኛ ቃል ተጣምሞ የወጣ ነው። ግማሹ ፍቅር ነው፣ ግማሹ ሽሙጥ። እኛ «ዳያስፖራ መጣ» ስንል ያለችውን የድምፅ ለዛ ታውቋት የለ? እሷው ናት።

በመጨረሻ ያሳየኋቸው የስፔናዊቷ ቹስ ጉቲዬሬዝ ፊልም ነው፣ «ወደ ሐንሳላ መመለስ»፣ 2008። በጥቅምት 2003 ሮታ በምትባል የስፔን ጠረፍ አጠገብ ጀልባ ሰጥሞ 37 ሰው አለቀ፣ ከመካከላቸው በርካቶቹ ሐንሳላ የምትባል የአንዲት የሞሮኮ መንደር ልጆች ነበሩ። በፊልሙ አንዲት ስፔን የምትሠራ እህት የወንድሟን ሬሳ ይዛ ከቀብር አስፈጻሚው ጋር ወደ መንደሯ ትጓዛለች። ሰውየው የሌሎቹን ሟቾች ልብስ ይዟል። ልብሱን ይዘረጉታል፣ ቤተሰብ ይመጣል፣ ሹራብና ሱሪ እያነሣ ያያል።

ያን ቀን ክርክር አልነበረም። ቡናውም ቀዝቅዞ ቀረ። በሳምንቱ የመጣልኝ ጽሑፍ አንድ ብቻ ነው፣ ግማሽ ገጽ፣ ስለ ልብሶቹ ብቻ። ሁለት የፊደል ግድፈት አርሜ መለስኩላት።