ተዋናይት ተከታታይ ድራማ ለመጻፍ ስትነሣ

በደብረ ማርቆስ ወይም በባሕር ዳር የቲያትር ክበብ ትወና ጀምራ በቴሌቪዥን ጥቂት ሚናዎችን የተጫወተች ሴት ተከታታይ ድራማ ልጻፍ ስትል፣ ብዙዎች ትወናውን እንድትተው ይመክሯታል። ምክሩ የሚጎዳ ነው፤ ቃለ ተውኔትን በአፏ የሞከረች ሰው አንድ ዓረፍተ ነገር ከትንፋሽ በላይ ሲረዝም፣ በዝምታ የሚገለጽ ነገርም በከንቱ ሲነገር ከማንም ቀድማ ታውቃለች።

አሜሪካዊቷ ኢርና ፊሊፕስ እ.ኤ.አ. በ1930 በቺካጎ ሬዲዮ የጀመረችውን ተከታታይ ድራማ ራሷ እየጻፈች ራሷ ትጫወትበት ነበር። ብዙ ድርሰቶቿንም የገጸ ባሕርያቱን ድምፅ እየቀያየረች በቃሏ እያለች ሌላ ሰው ይተይብላት ነበር። ለጎጃም ሰው ይህ አሠራር እንግዳ አይሆንም፤ የቅኔ ተማሪም የቆጠረውን፣ ማለትም ራሱ የደረሰውን፣ ቅኔ ለመምህሩ በቃሉ ነግሮ ይታረማል። ስለዚህ ጀማሪዋ ትዕይንቱን ከመጻፏ በፊት ለአንድ ታጋሽ ሰሚ ትንገረው፤ ሰሚው ዓይኑን ወደ ስልኩ የመለሰበት ቦታ መቆረጥ ያለበት ቦታ ነው።

ከቅኔ ቤት የሚወሰድ ሌላም ነገር አለ፤ እርሱም ሰምና ወርቅ ነው። ከአዲስ አበባ የመጣችን ልጅ እናቷ ከመናኸሪያ ተቀብላ «ሻንጣሽ ቀላል ነው» ብትላት፣ ሰሙ ስለ ሻንጣው ነው፤ ወርቁ ግን «ልትቆዪ አልመጣሽም» የሚል ነው። ልጅቱ «መንገዱ ሩቅ ነው» ብላ ብትመልስ ጠቡ ተጀምሯል፤ ማንም ግን ድምፁን ከፍ አላደረገም።

በሳምንት አንድ ክፍል የሚተላለፍ ድራማ ሩብ ዓመት የሚሸፍነው በ13 ክፍሎች ነውና፣ የመጀመሪያውን ክፍል ከመጀመሯ በፊት የመጨረሻውን ማወቅ ይኖርባታል። አንድ የድርሰት ገጽ ሲተላለፍ በግምት አንድ ደቂቃ ይወስዳል። ክፍሉ የሚቋረጠው በድንገተኛ አደጋ ላይ ሳይሆን፣ አንድ ሰው ሊወስን በቆመበት ቅጽበት ቢሆን ተመልካቹን ይበልጥ ይይዘዋል። ወቅቱንም ታስብበት፤ በጎጃም ክረምት የደጅ ቀረጻ ማቀድ ለጭቃና ለዝናብ ገንዘብ መክፈል ነው፤ በመስከረም አደይ አበባ መካከል የተቀረጸ ትዕይንትም ጥር ላይ ልድገመው ቢሉት አይደገምም።

ትልቁ ፈተና ለራሷ በምትጽፈው ሚና ላይ ይመጣል፤ ልዩ ጥበብና የመጨረሻ ቃል ሁሉ ለእርሷ ገጸ ባሕርይ የሚሰጥበት ድራማ በሦስተኛው ሳምንት ይሰለቻል። እኔ ብሆን የምትሳሳትና ተመልካች የሚቆጣባት ሴት ለራሷ እንድትጽፍ እመክራለሁ። የጎጃምን አነጋገር ለማሳቂያነት ብቻ ማስገባትም መቅረት አለበት፤ በዚያ አነጋገር የሚያፈቅርና የሚያዝን ሰውም አለና።

የውል ጉዳይ በመጨረሻ የሚነሣ አይደለም። ኢርና ፊሊፕስ የዚያ የመጀመሪያ ድራማዋ ባለቤትነት ይገባኛል ብላ ጣቢያውን ከሳ ተረትታለች። በአገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለደራሲም ለከዋኝም (እንደ ተዋናይ ሥራውን ለሚያቀርብ ሰው) መብት ይሰጣል፤ ሁለቱ መብቶች ግን የተለያዩ ናቸው። ስለዚህ የድርሰቱና የትወናው ውል ለየብቻ ይፈረም፤ ድራማው ቢራዘም ማን እንደሚጽፈው፣ እርሷ ከተዋናይነት ብትወጣም የደራሲነት ክፍያዋ እንደሚቀጥል በጽሑፍ ይስፈር።