አንገቱን ያጣመመ ጨቅላ ሁሉ የሚጥል በሽታ የለበትም

ድሬዳዋ ውስጥ ሕፃናትን ማከም ከጀመርኩ ቆይቻለሁ። ባለፈው ሳምንት ያው የለመድኩት ስህተት ደግሞ መጣ። የአምስት ወር ልጅ ነው፤ በእናቱ ቦርሳ ውስጥ ፌኖባርቢታል የሚባለው የሚጥል በሽታ መድኃኒት አለ። በቀን ስድስት ሰባት ጊዜ ጀርባው እንደ ቀስት ይደገናል፣ አንገቱ ወደ ቀኝ ይጣመማል፣ ፊቱ ይቀላል። "ይጥለዋል" ብላ ተናገረች፣ መድኃኒቱ እዚያው ተጻፈላት። መቼ መቼ እንደሚያደርገው የጠየቃት የለም።

ይህን ዝም ብዬ ማለፍ አልችልም። "የሚጥል በሽታ" የሚለው ስም ካርድ ላይ ተጽፎ አይቀርም፣ ቤት ድረስ ይከተላል። እናት ልጇን ከጎረቤት ትደብቃለች። አያት ጠበል ወይም ሼህ ዘንድ ይዛው ትሄዳለች። ልጁ በመድኃኒቱ ይፈዝዛል፣ መጥባትም ይቀንሳል፣ ሕመሙ ግን እዚያው አለ። "ከጠባ በኋላ ነው ወይስ እንዲሁ?" ብሎ መጠየቅ ስንት ደቂቃ ይፈጃል?

እኔ ስጠይቃት "ጠብቶ ሲጨርስ ነው፤ እንቅልፍ ላይ ሆኖ አድርጎት አያውቅም፤ ይኸው ዶክተር፣ አንተው እየው" አለችኝ። ፊቴ አጠባችው። ጡቱን ለቆ ጥቂት ደቂቃ እንደቆየ ፊቱን አጨማደደ፣ ደጋግሞ ዋጠ፣ ከዚያ ጀርባው ተደገነ። እስክሪብቶዬን ሳንቀሳቅስ በዓይኑ ይከተላል። እጅና እግሩ አይንዘፈዘፍም። ሲለቀው የኮመጠጠ ወተት በከንፈሩ ጥግ ወረደ፤ ወዲያውም እንደገና ጡት ፈለገ።

ይህ ሳንዲፈር ሲንድረም ነው። በፈረንጆቹ 1964 ማርሴል ኪንስቦርን ጻፈበት፤ ስሙ ግን የነርቭ ሐኪሙ የፖል ሳንዲፈር ነው። የጨጓራ አሲድ ወደ ጉሮሮ ሲመለስ ልጁ ቃጠሎውን ለማስታገስ ሰውነቱን እንደሚያጣምም ይታመናል። አንዱ መጣመም ብዙውን ጊዜ ከአንድ እስከ ሦስት ደቂቃ ይቆያል።

እኔም አጥፍቻለሁ። ሐረር ጀማሪ ሳለሁ አንዲት ሕፃን ለወራት ፌኖባርቢታል አስወስጃለሁ። እናቷ "ታስመልሳለችም እኮ" ብላኝ ነበር፤ "ሕፃን ሁሉ ያስመልሳል" ብዬ አለፍኳት። ያቺን እናት አልረሳትም።

ተቃራኒው ስህተት ደግሞ ይገድላል፤ የተደገነ ጀርባ ሁሉ ቃር አይደለም። ቤት የተወለደ፣ መጀመሪያ ደህና ጠብቶ በሳምንቱ ገደማ መጥባት ያቃተው፣ መንጋጋው የተቆለፈ፣ ሲነካ የሚደርቅ ጨቅላ ቴታነስ ነው። ትኩሳት ካለው፣ እርግብግቢቱም ከተወጠረ ማጅራት ገትርን አስቡ። ከእንቅልፉ ሲነሳ በተከታታይ ብልጭ እያለ የሚታጠፍና ፈገግታው የጠፋ ልጅ በአስቸኳይ የአንጎል ሞገድ ምርመራ ያስፈልገዋል። አረንጓዴ ትውከት ለቀዶ ሐኪም ነው። ለእነዚህ ቀጠሮ አይሰጥም።

ለትውከቱ ፕላሲል (ሜቶክሎፕራማይድ) አትጻፉ። መድኃኒቱ ራሱ አንገት ያጣምማል፣ ዓይን ወደ ላይ ይሰቅላል። አንገቱን ያጣመመ ልጅ ሲመጣ ምን ተሰጥቶት እንደነበር ሳትጠይቁ አትቀመጡ።

እንጥል ማስቆረጥ ይቅር። ደም ይፈስሳል፣ ያመረቅዛል፣ ቃሩን አይነካውም።

እያስመለሰ ግን ክብደቱ በደንብ የሚጨምርና የሚስቅ ልጅ መድኃኒት አይፈልግም። አብዛኞቹ እስከ ዓመታቸው ይተዋቸዋል።

ሕክምናውን የጨጓራ አሲድ ከሚቀንሰው ከኦሜፕራዞል መጀመርም ስህተት ነው። መጀመሪያ በትንሽ በትንሹ ቶሎ ቶሎ ይጥባ፣ ያግሳ፣ ከዚያ ሃያ ሠላሳ ደቂቃ ቀጥ ብሎ ይታቀፍ። ካልተሻለው እናቲቱ ከ2 እስከ 4 ሳምንት የላም ወተትና ተዋጽኦውን ትተው። እዚህ ላይ በዝርዝር ንገሯት፤ ወተት አቁሚ ስትባል ሻይ በወተቷን የማትቆጥር ብዙ ናት። የፍየል ወተትም ምትክ አይሆንም። ይህም ካልሠራ ኦሜፕራዞል ከ4 እስከ 8 ሳምንት ይሞከርና ይቁም። ቀዶ ሕክምና ለጥቂቶች ብቻ ነው። ጡት አታስጥሉ። እንዳያስመልስ ብለው በሆዱ እንዳያስተኙትም ንገሯቸው፤ በጀርባው ይተኛ።

ስለ ትልልቆቹ ልጆች አንድ ነገር አለኝ። ሲወለድ አንጎሉ የተጎዳ ልጅ ድንገት መገተሩ ሲብስበት "ድሮም እንዲህ ነው" ይባላል። እሱ ግን መናገር ስለማይችል እንጂ ጉሮሮው እየተቃጠለ ሊሆን ይችላል። ጠዋት ትራሱ ላይ የኮመጠጠ ሽታ እንዳለ እናቱን ጠይቋት። ጥርሱን ከፍታችሁ እዩት፤ አሲድ የበላው ጥርስ ይሳሳል።

ነገሩ ክፍላችሁ ውስጥ ካልታየ እናቲቱ በስልኳ ትቅረጸው። ብርድ ልብሱን ገልጣ፣ መብራት አብርታ፣ ዓይኑና እግሩ አንድ ላይ እንዲታዩ አድርጋ፣ በስንት ሰዓት እንደጠባም እየተናገረች።