ከፍቺ በኋላ ስለ ልጅ አኗኗር የተሰጠን ውሳኔ እንደገና ማስታየት

ከልጄ አባት ጋር ስንፋታ ልጅቷ 3 ዓመቷ ነበር። ያኔ ሁለታችንም የምንኖረው ደብረ ብርሃን ነው፤ ከቤቴ እስከ ቤቱ በእግር 10 ደቂቃ ነበር። ስምምነታችን «ከእናቷ ጋር ትኑር፤ ቅዳሜና እሁድ አባቷ ይውሰዳት» አለ፤ ፍርድ ቤት አጸደቀው። ከ4 ዓመት በኋላ አባቷ ለሥራ ሸዋ ሮቢት ተዛወረ። ወረቀቱ ግን እንዳለ ነበር። ልጄ በየሳምንቱ የጣርማ በርን ቁልቁለት በሚኒባስ ወርዳ ትወጣለች፤ መንገዱ ያስመልሳታል፤ ሰኞ ጠዋት ክፍል ውስጥ እንቅልፍ ይጥላታል።

እንዲህ ያለ ነገር ከገጠማችሁ፣ የልጅ ጉዳይ እንደ ንብረት ክፍፍል አንዴ ተወስኖ የሚዘጋ እንዳልሆነ እወቁ። የተሻሻለው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ አንቀጽ 113፣ ለውሳኔው መነሻ የሆነው ሁኔታ ከተለወጠ ፍርድ ቤቱ ውሳኔውን ሊያሻሽለው እንደሚችል ይናገራል። እኛ ዘንድ የሚሠራው የክልላችን የቤተሰብ ሕግ ስለሆነ አቤቱታችሁን የሚያዘጋጅላችሁ ሰው እሱን ይጥቀስ። «የይግባኝ 60 ቀን አልፎብኛል» ብላችሁም ተስፋ አትቁረጡ፤ ይህ ይግባኝ አይደለም። ውሳኔው ተሳስቷል አትሉም፤ ኑሮው ተለውጧል ነው የምትሉት።

እኔ ያጠፋሁትን እናንተ አታጥፉ። አቤቱታ ሳላስገባ ሁለት ቅዳሜ ልጄን አልሰጥም ብዬ አስቀረሁ። ውሳኔው እስኪለወጥ ድረስ ይጸናል፤ ችሎት ላይ ሲነሳብኝ የምመልሰው አልነበረኝም። ከዚያ በላይ የቆጨኝ ግን ልጅቷ ሁለቱንም ቀን ቦርሳዋን ይዛ በር ላይ መጠበቋ ነው።

መጀመሪያ ተነጋገሩ። እኛ የክርስትና እናቷ ቤት ቡና ተፈልቶ ተቀመጥን። በየሳምንቱ መመላለሱ እንዲቀር ተስማማን፤ በክረምቱ ዕረፍት ግን አልተግባባንም። ሙሉ በሙሉ ብትስማሙ እንኳ ሽማግሌ ፊት የተፈረመ ወረቀት ብቻውን አይበቃም፤ ፍርድ ቤት አቅርባችሁ አስጸድቁት። ነገ አንዳችሁ ብትክዱ የሚያዘው የፍርድ ቤቱ ነው።

ካልተስማማችሁ ውሳኔውን የሰጠው ፍርድ ቤት ሬጅስትራር (መዝገብ ቤት) ዘንድ የድሮውን መዝገብ ቁጥር ይዛችሁ ሂዱና የውሳኔውን የተረጋገጠ ግልባጭ አውጡ። አቤቱታው አጭር ይሁን። የእኔን የመጀመሪያ ረቂቅ ጠበቃ አንብቦ ሁለት ገጹን ሰረዘው፤ ሁለቱም ገጽ ስለ ባሌ ነበር። «ያኔ ምን ነበር፣ ዛሬ ምን ሆነ፣ ልጅቷ ምን ሆነች፣ ምን ይወሰን ትያለሽ?» አለኝ። ከእነዚህ ውጭ የሚጻፍ የለም። ለእያንዳንዱ ማስረጃ አያይዙ። እኔ ከትምህርት ቤት የቀረችባቸውን ቀናት ዝርዝር፣ ከጤና ጣቢያ የሕክምና ማስረጃ፣ ከመምህርቷ ደግሞ ምስክርነት አቅርቤያለሁ። ቀለብም መሻሻል ካለበት ከትምህርት ወጪው ደረሰኝ ጋር አብራችሁ ጠይቁ።

«ከ5 ዓመት በታች ያለ ልጅ የእናት ነው» ሲባል ትሰማላችሁ። ይህ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቃል ነበር፤ የተሻሻለው የፌዴራል ሕግ ግን አልያዘውም። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 36 የሕፃናት ደህንነት ይቅደም ይላል። የፌዴራል ሰበር ሰሚ ችሎትም በመዝገብ ቁጥር 23632 ሕፃኑን ከወላጅ አባቱ ይልቅ ላሳደገችው አክስቱ ወስኗል። ስለዚህ እናትነትን ወይም አባትነትን ብቻ ይዛችሁ አትቅረቡ።

ልጁን ቃል አታስጠኑት፣ እባካችሁ። ዳኛዋ ልጄን ቢሮ አስገብታ ብቻዋን አነጋገረቻት። ምን እንዳለች እስከ ዛሬ አልጠየቅኳትም።

ስትጠይቁ ዝርዝሩን ለዳኛ አትተዉ፤ «በዕረፍት ጊዜ ይገናኙ» የሚል ቃል ሌላ ጠብ ይወልዳል። የእኛ አዲሱ ውሳኔ ቀንና ሰዓት አለው፦ በወር አንድ ቅዳሜ አባቷ ደብረ ብርሃን ይመጣል፣ የዓመቱ አጋማሽ ዕረፍትና የክረምቱ ግማሽ ሸዋ ሮቢት፣ ማክሰኞና ሐሙስ ማታ ስልክ። ቆላው ወባ ስላለበት አጎበርም አስጽፌያለሁ፤ አባቷ አልተቃወመም። የዕረፍቱ ርክክብ ደብረ ሲና መናኸሪያ ነው፤ እኔ ከላይ ይዣት እወርዳለሁ፣ እሱ ከታች ይመጣል።