ፎርማት ከማድረጋችሁ በፊት፦ ሱቃቸው በተዘጋ ጌሞች ላይ የማያቸው ስህተቶች

አዳማ ውስጥ ፕሌይስቴሽን፣ ኤክስቦክስና ኒንቴንዶ ስጠግን ብዙ ዓመት ሆኖኛል። ከፖስታ ቤት ወረድ ብላ ያለችው ቤቴ ጠባብ ናት። ጠረጴዛዬ ላይ ግን ሁልጊዜ ሁለት ሦስት አሮጌ ዕቃ አይጠፋም። አብዛኞቹን ውጭ ያለ ዘመድ የላካቸው ናቸው። ወንድም ከዱባይ፣ አክስት ከአሜሪካ። ከዕቃው ጋር የመጣ ሲዲ የለም። ጌሞቹ ከኢንተርኔት ሱቅ ተገዝተው ውስጡ ተጭነዋል።

እነዚያ ሱቆች ደግሞ እየተዘጉ ነው። የኒንቴንዶ ዊ ሱቅ ጥር 22 ቀን 2011 ዓ.ም. ተዘጋ። የ3ዲኤስና የዊ ዩ መጋቢት 18 ቀን 2015። የኤክስቦክስ 360 ሐምሌ 22 ቀን 2016። ቀኖቹን የጻፍኳቸው በእኛ አቆጣጠር ነው። የፕሌይስቴሽን 3 (ፒኤስ3) እና በእጅ የሚያዘው የሶኒ ዕቃ የቪታ ሱቅም በ2013 ሊዘጋ ቀን ተቆርጦለት ነበር፤ ተጫዋቾች ሲጮሁ ሶኒ ሐሳቡን ቀየረ። የፒኤስፒው ግን አልተረፈም።

ባለፈው ሳምንት ብቻ አንዱን ስህተት ሦስት ጊዜ አየሁት። ዝም ማለት አልቻልኩም።

ሱቁ ተዘጋ ማለት ጌሙ ጠፋ ማለት አይደለም

"ጋሼ፣ ሱቁ ተዘግቷል አሉ። የገዛሁት በቃ ሄደ?" ይህን የሚጠይቀኝ ልጅ ብዙ ነው። አልሄደም። የተዘጋው መሸጫው ነው። ኒንቴንዶም ማይክሮሶፍትም መሸጫውን ሲዘጉ፣ ቀድሞ የተገዛውን መልሶ ማውረጃ ክፍት ነው የተዉት። በዚያው አካውንት፣ በዚያው ዕቃ ግቡና ቀድሞ የተገዙትን ዝርዝር ፈልጉ። አለ።

"ካለማ ነገ አወርደዋለሁ" የሚለው ደግሞ ሌላው ስህተት ነው። ማውረጃው እስከ መቼ ክፍት እንደሚሆን ማንም ቃል አልገባም። ፒ.ቲ. የምትባለዋን የፒኤስ4 አስፈሪ ጌም አስታውሱ። ነሐሴ 2006 በነጻ ወጣች፤ ሚያዝያ 2007 ከሱቁ ተነሳች። ቀድሞ የወሰዷት ሰዎች እንኳ ከሰረዟት በኋላ መልሰው ማውረድ ተከለከሉ። ዛሬ ያለችው ያኔ ሳትሰረዝ በቀረችባቸው ሃርድ ዲስኮች ላይ ብቻ ነው። ስለዚህ ቦታ ካላችሁ ዛሬ አውርዱ። ቦታ ከሌላችሁ ዲስኩን ወይም ኤስዲ ካርዱን አሳድጉ እንጂ "ይህቺን አልጫወትባትም" ብላችሁ አትሰርዙ።

ፎርማት! ፎርማት! ፎርማት!

ዕቃው ሲዘገይ ፎርማት። ጌሙ መሃል ላይ ሲቆም ፎርማት። ከሰው እጅ ሲገዛ ደግሞ "የድሮውን ባለቤት ነገር ላጽዳ" ብሎ ፎርማት። ይህ ከስልክና ከኮምፒውተር የመጣ ልማድ ነው። ስልክ ፎርማት ብታደርጉ አፑን መልሳችሁ ትጭናላችሁ፣ አለቀ። መሸጫው በተዘጋ ዕቃ ላይ ግን ከየት አምጥታችሁ ነው የምትጭኑት? የአካውንቱን ባለቤት የምታገኙበት መንገድ ከሌለ ያ ጌም አይመለስም። ብር ብትይዙም የሚሸጥላችሁ የለም።

ሱቁ ባይዘጋም እንኳ ጌሙ ለብቻው ከሱቁ ይወጣል። በተለይ የኳስ ጌሞች። የክለብና የተጫዋች ስም የሚጠቀሙት በፈቃድ ነው። ፈቃዱ ሲያልቅ ጌሙ ከመደርደሪያ ይነሳል። እኛ አገር ደግሞ በጣም የምንወዳቸው እነዚያኑ ነው።

ይህን የምናገረው ራሴም አድርጌው ስለማውቅ ነው። ከጥቂት ዓመታት በፊት አንድ ልጅ ከወንጂ ፒኤስ3 ይዞልኝ መጣ። ወንድሙ ከዱባይ የላከለት ነው። ሲነሳ ይንቀራፈፋል፣ ጌም መሃል ላይ ይደርቃል። ሥራ በዝቶብኝ ነበር። ምንም ሳልጠይቀው ፎርማት አደረግኩት። ማታ ሊወስድ መጣ፣ ከፈተው፣ ባዶ ነው። ወንድሙ የገዛለት የኳስ ጌም ነበር። ሁለት ዓመት የተጫወተው ማስተር ሊግ፣ ቡድን ይዞ ከሲዝን ወደ ሲዝን የሚሄድበት ጨዋታ፣ ነበር። "የወንድምህ ኢሜይል ምንድን ነው?" ብለው አያውቀውም። ወንድሙም ስልክ ቀይሯል። ልጁ አልተቆጣኝም። "ምንም አይደል ጋሼ" ብሎኝ ሄደ። ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም።

ያን ቀን ማድረግ የነበረብኝን ልንገራችሁ። ፒኤስ3 ሴፍ ሞድ አለው። ዕቃውን አጥፉት። የማብሪያውን ቁልፍ ተጫኑና አትልቀቁ፤ ይበራና ተመልሶ ይጠፋል። አሁን ልቀቁ። እንደገና ተጭናችሁ ያዙ። መጀመሪያ አንድ ድምፅ፣ ቆይቶ ሌላ አንድ፣ ከዚያ ሁለት ፈጣን ድምፅ ታሰማለች። ያኔ ልቀቁ። ጆይስቲኩን በገመድ አያይዙ። ስድስት ምርጫ ይመጣላችኋል። 3ኛው የፋይሎቹን አቀማመጥ ያስተካክላል። 4ኛው ዝርዝሩን እንደገና ይገነባል፤ መልእክትና የዘፈን ዝርዝር ሊያጠፋባችሁ ይችላል እንጂ ጌሙን አይነካም። የሚንቀራፈፍ ፒኤስ3 ብዙ ጊዜ በእነዚህ ሁለቱ ይድናል። 5ኛው ሁሉን ያጠፋል። እጃችሁ 5ኛው ላይ አይረፍ።

ከዚያ በፊት ደግሞ ሴቭ ያደረጋችሁትን ፍላሽ ላይ ቅዱት። ፒኤስ3 አብዛኛውን ሴቭ ፍላሽ ላይ መቅዳት ይፈቅዳል። አምስት ደቂቃ አይፈጅም።

ዲስኩን ነቅሎ ሌላ ላይ መሰካት

የፒኤስ3 ሃርድ ዲስክ በራሱ ዕቃ ቁልፍ የተቆለፈ ነው። ሌላ ፒኤስ3 ላይ ብትሰኩት አያነበውም፤ ፎርማት ላድርገው ይላችኋል። ኮምፒውተር ላይ ብትሰኩትም "ይህ ዲስክ ፎርማት መደረግ አለበት" የሚል ይመጣል። ብዙ ሰው ሳያነብ እሺ ይላል። የ3ዲኤስ ኤስዲ ካርድም እንደዚያው ነው። ጌሙ ያለው ካርዱ ላይ ነው፤ ቁልፉ ግን ያለው ዕቃው ውስጥ ነው። ዕቃው ከተበላሸ አትጣሉት። ይጠገናል፣ ቢያንስ ይሞከራል። ካርዱ ብቻውን ዋጋ የለውም።

በኢትዮጵያ አቆጣጠር ቀን መሙላት

ይህ የእኛው የራሳችን ነው፣ ሌላ አገር የለም። ፒኤስ3 ውስጥ ሳንቲም የምታክል ሲአር2032 የምትባል ባትሪ አለች። ሰዓቱን የምትይዘው እሷ ናት። ስታልቅ ሰዓቱ ይጠፋል። ከሱቅ የተገዙት ጌሞች ደግሞ ሰዓቱ ኢንተርኔት ላይ ገብቶ እስኪስተካከል ድረስ አንከፈትም ይላሉ። ልጁ ቀኑን በእጁ ይሞላል። ዓመቱን የእኛን ያደርገዋል። ሰዓቱንም ጠዋት ሁለት ሰዓት ሲሆን ሁለት ብሎ ይሞላዋል። ከዚያ "ተበላሸ" ብሎ ያመጣልኛል። እኔ ባትሪዋን እቀይርና ቀኑን ከኢንተርኔት እንዲወስድ አደርጋለሁ። ይኸው ነው።

ቀን እንዴት ሁሉን እንደሚያናጋ ለማየት የካቲት 22 ቀን 2002ን መመልከት ይበቃል። ፈረንጆቹ ማርች 1 ቀን 2010 የሚሉት ነው። የመጀመሪያዎቹ ወፍራም ፒኤስ3ዎች የዚያን ዓመት ፌብሩዋሪ 29 ቀን አለው ብለው ቆጠሩ። የለውም ነበር። እኛ ጳጉሜን ስድስት በሌለበት ዓመት ስድስት ብንላት ማለት ነው። በዓለም ዙሪያ ያሉ ወፍራም ፒኤስ3ዎች በአንድ ቀን ሰዓታቸው ተዛባ፣ አካውንት አልገባ አሉ፣ አንዳንድ ጌምም አልከፍት አሉ።

110ን 220 ላይ መሰካት

ከአሜሪካ የመጣ ዕቃ ስትቀበሉ መጀመሪያ የአዳፕተሩን ጀርባ አንብቡ። የአሜሪካው ኤክስቦክስ 360 ጡብ የሚያክል አዳፕተር 100-127 ቮልት ነው የሚለው። የዊም፣ የ3ዲኤስም 120። ወፍራሙ የአሜሪካ ፒኤስ2ም እንደዚያው። የእኛ መብራት 220 ነው። ሶኬቱን በማስተካከያ ማገጣጠም ቮልቱን አይቀንስም። ይህን ስንት ጊዜ እንደተናገርኩ! "ጧ" ብሎ፣ ሽታው ቤቱን ሞልቶት ነው የሚያመጡልኝ። የሚቀንስ ትራንስፎርመር ግዙ፣ ወይም የ220 አዳፕተር ፈልጉ። ለ3ዲኤስ በዩኤስቢ የሚሞላ ገመድ አለ፤ እሱ ይበቃል።

መብራት ሊሄድ ይችላል ብላችሁ በምትፈሩበት ሰዓት ደግሞ አፕዴት አትጀምሩ።

ዳንቴል

እናቶቻችን ዕቃውን ስለሚወዱት ዳንቴል ያለብሱታል። አቧራ እንዳይገባው ነው። የአዳማን ንፋስና አቧራ ለሚያውቅ ሰው ነገሩ ይገባዋል። ጠፍቶ ሳለ ይሁን፣ ደግ ነው። ሲበራ ግን አንሱት። ሙቀታችን ብቻውን ይበቃዋል። ቁም ሳጥን ውስጥ ዘግታችሁም አታስነሱት። በዓመት አንድ ጊዜ አስከፍታችሁ አስጠርጉት።

ሲዲ ሳያዩ መግዛት

ሱቁ ሲዘጋ ሰው ወደ ሲዲና ካርትሪጅ ይሮጣል። ጥሩ ነው፣ እኔም እመክራለሁ። ግን ዊ፣ ዊ ዩና 3ዲኤስ የአገር ክልል ቁልፍ አላቸው። የጃፓን ካርትሪጅ የአሜሪካ 3ዲኤስ ላይ አይሠራም። ፒኤስ3 ላይ ይህ ጣጣ የለም ማለት ይቻላል። ኤክስቦክስ 360 እንደ ጌሙ ይለያያል፤ ሽፋኑን እዩ።

ለ3ዲኤስ ሱቅ ኮድ አለኝ የሚላችሁን አትስሙ። ሱቁ የለም።

የተከፈተ ዕቃ ላይ የራስን አካውንት ማስገባት

እዚህ ከተማ ጌም ቤት የሚሠራው ፒኤስ3 በብዛት ጄይልብሬክ የተደረገ፣ ማለትም የሶኒ መቆለፊያ የተከፈተለት፣ እንደሆነ ሁላችንም እናውቃለን። በዚህ ማንንም አልወቅስም። የማዝነው፣ ዘመዱ በብር የገዛለት ጌም ያለበትን አካውንት ይዞ እንዲህ ባለ ዕቃ ኢንተርኔት ላይ የሚገባ ልጅ ሳይ ነው። ሶኒ ሲያገኘው አካውንቱን ይዘጋዋል። ያኔ በሕጋዊ መንገድ የተገዛውም አብሮ ይሄዳል። ሁለት ዕቃ ካላችሁ ለዩአቸው። አንድ ካላችሁና ውስጡ የተገዛ ጌም ካለ ጄይልብሬክ አታስደርጉት።

ዘመድን በጊዜ አለመጠየቅ

የሁሉ ነገር ቁልፍ አካውንቱ ነው። የላከላችሁ ሰው አሁን ስልክ ያነሳል፣ አሁን ያስታውሳል። ደውሉለትና ጻፉ፦ በየትኛው ኢሜይል ነው የተከፈተው? ኢሜይሉ አሁንም ይሠራል? ሲከፍተው የትኛውን የልደት ቀን ሞላ? ይህቺ የመጨረሻዋ ቀላል ትመስላለች። ፓስወርድ ሲጠፋ ግን የሚጠየቀው እሷ ናት። ብዙ ሰው ደግሞ ዝም ብሎ የመጣለትን ቀን ነው የሚሞላው። ኢትዮጵያ በፕሌይስቴሽን የአገሮች ዝርዝር ውስጥ ስለሌለች፣ አካውንቱ በየትኛው አገር እንደተከፈተም ጠይቁ።

አንድ ነገር ልጨምር። አካውንቱ የሁለት ደረጃ ማረጋገጫ (ከፓስወርዱ ሌላ ስልክ ላይ የሚመጣ ኮድ) ካለው፣ ፒኤስ3ና ቪታ ትክክለኛውን ፓስወርድ ስትሰጡትም ስህተት ነው ይላል። ፓስወርዱን በተስፋ መቁረጥ ደጋግማችሁ አትቀይሩ። በስልክ ወይም በኮምፒውተር የአካውንቱ ገጽ ላይ ግቡ። ለእነዚህ አሮጌ ዕቃዎች ማስገቢያ ብቻ የሚሆን ሌላ የይለፍ ቃል ይሰጣችኋል። በፓስወርዱ ቦታ እሱን አስገቡ።

የወንጂው ልጅ ባለፈው ክረምት ተመልሶ መጣ። ወንድሙን አግኝቶታል። ኢሜይሉንና የልደት ቀኑን በወረቀት ጽፎ ይዞ ነበር። ቀጠሮ ሳልሰጠው ሥራዬን ሁሉ ትቼ አብሬው ተቀመጥኩ። ከላይ ያልኩት የይለፍ ቃል ጉዳይ ግማሽ ቀን ወሰደብን። ማታ ላይ ገባልን። ያቺ የኳስ ጌም ከሱቁ ከወጣች ቆይታለች፤ ቀድሞ በተገዙት ዝርዝር ውስጥ ግን ነበረች። ሌሊት ኢንተርኔቱ ሲሻለው ለቅቀናት አደርን፣ ጠዋት ወርዳ አለቀች። ማስተር ሊጉ አልተመለሰም። ሴቩ የነበረው እኔ ባጠፋሁት ዲስክ ላይ ብቻ ነው። ከመጀመሪያው ሲዝን ጀምሯል። አሁን እሁድ እሁድ ፍላሽ ላይ ይቀዳዋል።