ሊዝ ስሚዝን ከየት ጀምራችሁ ታዩዋታላችሁ?

የምኖረው ማንቸስተር ነው። ሥራዬ አረጋውያንን በየቤታቸው እየዞሩ መንከባከብ ነው። ከዓመታት በፊት ማታ ማታ አንዲት የ88 ዓመት እናት ጋ እገባ ነበር። ሾርባቸውን ካሞቅኩላቸው በኋላ ሁሌም «ዘ ሮይል ፋሚሊ» የሚባለውን የቴሌቪዥን ኮሜዲ ክፈቺልኝ ይሉኛል። መጀመሪያ ምንም አልጣመኝም። አንድ ቤተሰብ ሳሎን ተቀምጦ ቴሌቪዥን ያያል፣ ሻይ ይጠጣል፣ በቃ። ቀስ በቀስ ግን ዓይኔ አያትየዋ ላይ ቀረ። እንግሊዛዊቷ ተዋናይት ሊዝ ስሚዝ ነበረች። ከዚያ ወዲህ ያገኘሁትን ሥራዋን ሁሉ አይቻለሁ፤ እናንተም ማየት ከፈለጋችሁ መንገዱን ላሳያችሁ።

በዓመት ቅደም ተከተል አትሂዱ። በ1998 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች ናቸው) ቢቢሲ ላይ በጀመረው በዚሁ ኮሜዲ ጀምሩ። ዲቪዲው ቻሪቲ ሾፕ (ያገለገለ ዕቃ ለበጎ አድራጎት የሚሸጥበት ሱቅ) ውስጥ በርካሽ አይጠፋም። የማንቸስተር አነጋገር ስለሚያስቸግር መጀመሪያ በሰብታይትል እዩት። ሁለተኛ ጊዜ ድምፁን አጥፉና እሷን ብቻ ተከተሉ። ረዳት ተዋናይት የምትለካው ሌላው ሲያወራ በምትሆነው ነገር ነው። አማቿ ጂም ነገር ሲወረውርባት ፊቷን እዩ፤ የሰማችውንና እንዳልሰማች ያለፈችውን ትለያላችሁ።

አሁን ወደ ኋላ ተመለሱ። ግን መጀመሪያ ሕይወቷን እወቁ። በ1921 እንግሊዝ፣ ስከንቶርፕ የምትባል ከተማ ተወለደች። እናቷ የሞተችው ገና ሕፃን ሳለች ነው፤ ያሳደገቻት አያቷ ናት። ባሏን ፈትታ ሁለት ልጆቿን ያገኘችውን እየሠራች አሳደገች፤ ትወናውን ግን አልተወችም። 49 ዓመቷ ላይ ለንደን፣ ሃምሊስ መደብር ውስጥ የገና መጫወቻ ስትሸጥ ማይክ ሊ የሚባል ወጣት ዳይሬክተር ለፊልም ፈለጋት። ፊልሙ በ1971 የወጣው «ብሊክ ሞመንትስ» ነው።

ከዚያ በ1973 እሱው ለቢቢሲ የሠራው «ሃርድ ሌበር» አለ። ለእኔ ከሁሉም የሚበልጠው ይሄ ነው። እዚህ ዋናዋ እሷ ናት። ሰው ቤት ስታጸዳ ትውልና ቤቷ ገብታ ደግሞ ባሏን ታስተናግዳለች። እኔም እንግሊዝ ስመጣ የመጀመሪያ ሥራዬ ቢሮ ማጽዳት ነበር፤ ሰው በአጠገቤ ሲያልፍ እንደሌለሁ ነበር። ያ ስሜት ፊቷ ላይ አለ። አንዴም አታማርርም። እጇንና ትከሻዋን ተመልከቱ። ይህን ፊልም እየበላችሁ አትዩት፣ ስልካችሁንም አስቀምጡ።

«ኤ ፕራይቬት ፋንክሽን» በ1984 የወጣ ነው። ከማየታችሁ በፊት አንድ ነገር ያዙ፦ ታሪኩ በ1947 ነው፤ ጦርነቱ ቢያልቅም ሥጋ ገና በራሽን ነበር። የከተማው ትልልቅ ሰዎች ለልዕልት ኤልሳቤጥ ሠርግ ድግስ በድብቅ አሳማ ያደልባሉ። ሊዝ የተዋናይቷ የማጊ ስሚዝ እናት ሆና ነው የምትሠራው። በእውነተኛ ዕድሜ የሚበላለጡት በ13 ዓመት ብቻ ነው! አካሄዷንና ስለ ምግብ ስትጠይቅ ዓይኗን እዩ። በዚህ ሥራ ባፍታ በሚባለው የብሪታንያ የፊልም ሽልማት ምርጥ ረዳት ተዋናይት ሆናለች።

«ዘ ቪካር ኦፍ ዲብሊ» የሚባለውን የቴሌቪዥን ኮሜዲ ለመዝናናት እዩት፤ እንግዳ እንግዳ ምግብ የምትሠራዋ ሴትዮ እሷ ናት። ልጆች ካሏችሁ በ2005 የወጣው «ቻርሊ ኤንድ ዘ ቾኮሌት ፋክተሪ» ውስጥ ከአያቶቹ አንዷ ሆና ታገኟታላችሁ።

የ2006ቱን የ«ዘ ሮይል ፋሚሊ» ልዩ ክፍል ለመጨረሻ አስቀምጡት። ርዕሱ «ንግሥተ ሳባ» ነው። ስሙን ሳይ ደነገጥኩ፤ የእኛዋ ማክዳ ማንቸስተር ሳሎን ውስጥ ምን ትሠራለች አልኩ። ንግሥቲቱ አያትየዋ ናት። ታማ አልጋዋ ሳሎን ተዘርግቷል፤ ልጇ ባርባራ ታስታምማታለች። ሊዝ ያኔ 84 ዓመቷ ነበር። በ2009 ሥራ አቆመች፤ በ2016 በፈረንጆች ገና ዋዜማ በ95 ዓመቷ አረፈች።

እኔ የምንከባከባቸው የነበሩት እናት ያንን ክፍል ሁለት ጊዜ ብቻ ነው ያስከፈቱኝ። ሁለቱንም ጊዜ እጄን ይዘው ነው ያዩት።